ያነሣሁት እጅ

ሥራ የጀመርኩት በማልቀስ ነው። የመጀመሪያው ቀን ሞጣ ላይ፣ በከተማው አዳራሽ፣ ከሰዓት በኋላ ነበር። የኪነት ቡድኑ ተውኔቱን ሊያሳይ ሁለት ቀን ሲቀረው የምታለቅሰዋ ልጅ ታመመችበት። እኔ የቢቸና ልጅ ነኝ፤ ያን ሰሞን ሞጣ አክስቴ ዘንድ ተቀምጬ ነበር፤ ዕድሜዬ አሥራ ዘጠኝ። የቡድኑ ኃላፊ የአክስቴን በር አንኳኩቶ፣ ባለፈው ሳምንት ጎረቤት ለቅሶ ላይ ሰውን ሁሉ ያስለቀሰች ልጅ እዚህ ቤት አለች ወይ ብሎ ጠየቀ። አክስቴ በጣቷ አመለከተችኝ።

የምናገረው ነገር አልነበረኝም። ነጠላዬን አዘቅዝቄ ከመድረኩ ቀኝ ጥግ መቀመጥ፣ ኃላፊው ከመጋረጃው ጀርባ እጁን ሲያወርድ ማልቀስ፣ ሲያነሣ ማቆም። እጁን አወረደ፤ አለቀስኩ። ከተመልካቹ መካከል አንዲት እናት ተነሥተው መድረኩ ላይ ወጡና፣ "በቃሽ ልጄ፣ ዓይንሽን ታጠፊዋለሽ" ብለው በነጠላቸው ጫፍ ፊቴን ጠረጉኝ። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ፤ ተውኔቱም ተቋረጠ። ኃላፊው ሊቆጣኝ መጥቶ ፊቴን ሲያይ ተወውና፣ ከሰኞ ጀምሮ በቋሚነት እንድገባ ነገረኝ።

ከዚያ ወዲህ ከሠላሳ ዓመት በላይ አለቀስኩ። በመድረክ፣ በሬዲዮ ድራማ፣ ኋላም በቴሌቪዥንና በፊልም። ባሕር ዳር አለቀስኩ፣ አዲስ አበባ ሄጄ አለቀስኩ። ሲያልቅ በሚኒባስ ወደ ቢቸና እመለሳለሁ።

በሙያችን ደረጃ አለ። መሪ ተዋናይ አለ፣ ረዳት ተዋናይ አለ፣ አጃቢ አለ። ከአጃቢም ስም ያለውና ቁጥር ያለው ይለያል። ስም ያለው በስክሪፕቱ ላይ "ወይዘሮ እገሊት" ተብሎ ይጻፋል። እኔ ቁጥር ነበርኩ፤ አብዛኛውን ጊዜ "አልቃሽ ሁለት"። ልዩነቱን ላስረዳ። ካሜራው አልቃሽ አንድ ዘንድ ሲደርስ ይቆማል፤ አልቃሽ ሁለት ዘንድ ሲደርስ ያልፋል።

በአልቃሽ አንዶች ሁሉ ቀንቻለሁ። እንባ አልወጣ ሲላቸው ሜካፕ ሠሪዋ ከዓይናቸው ሥር ግሊሰሪን ታንጠባጥብላቸዋለች። እኔ የራሴን እንባ ይዤ ከጀርባቸው ተቀምጬ አያለሁ። ይህን የምጽፈው ለሙያው ልጆች ስለሆነ ቅናቴን አልደብቅም። ቅናት ከሙያው ዕቃዎች አንዱ ነው፤ እንደ ሜካፕ ሳጥኑ ሁሉ ከቦታ ቦታ ይዘነው እንዞራለን።

ፊደል የቆጠርኩት ዘግይቼ ነው። መጀመሪያ ላይ ቃሌን ሌላ ሰው ያነብልኝና በጆሮዬ እይዘው ነበር። አንድ ጊዜ አንዲት መስመር ተሰጠችኝ። ሮጬ ገብቼ "ጌታው ሞቱ" ማለት ነበረብኝ። እንዲያነብልኝ የለመንኩት ባልደረባዬ ቀልደኛ ነበርና "ጌታው ደረሱ" ብሎ አነበበልኝ። መድረክ ላይ ሮጬ ገብቼ፣ ነጠላዬን አዘቅዝቄ፣ ደረቴን እየደቃሁ፣ ጌታው ደረሱ አልኩ። ሚስቲቱ ሆና የምትሠራው ልጅ ሳቋን ለመዋጥ ፊቷን በመጋረጃው ሸፈነች። በማግስቱ የማታ ትምህርት ቤት ሄጄ አንደኛ ክፍል ተመዘገብኩ። ሃያ ስድስት ዓመቴ ነበር። አሥራ ሁለተኛን የጨረስኩት አርባ ሊሞላኝ ሲል ነው።

ዘግይቶ የተማረ ሰው ትዕግሥተኛ ነው ይላሉ፤ እኔ ግን ትዕግሥት አልተማርኩም። የተማርኩት ማረም ነው። መዝገበ ቃላት እንደ ልብ ወለድ ከፊት እስከ ኋላ አነባለሁ። ስክሪፕት ሲሰጠኝ የእኔን ገጽ ብቻ ሳይሆን የሁሉንም ገጽ አርሜ እመልሳለሁ። ባላገር ሴት አማቷን "አንተ" ብላ ከተጻፈ እሰርዛለሁ። የአዲስ አበባ ልጆች "ቀይ እስክሪብቶ" የሚል ስም አወጡልኝ። "ዝም በሉ፣ ቀይ እስክሪብቶ መጣች" ይባባላሉ። ሊያናድዱኝ ነበር፤ እኔ ግን ስሙን ወደድኩት። ከአልቃሽ ሁለት ይሻላል።

ሔኖክ የደወለልኝ በዚህ ስሜ ምክንያት ነው። ሔኖክ የአዲስ አበባ ልጅ ነው፣ ረዳት አዘጋጅና አስተርጓሚ። ከጀርመን አንድ የፊልም ቡድን ለቴሌቪዥን የሚሆን ባለ ሁለት ክፍል ፊልም ሊሠራ ቢቸናና ሞጣ እንደሚመጣ ነገረኝ። ታሪኩ በድሮ ዘመን ግእዝ ሊማር ጎጃም የመጣ የአንድ ጀርመናዊ ነው። ከቅኔ መምህር እግር ሥር ስድስት ዓመት ይቀመጣል፤ መምህሩ ሲሞቱ አጠገባቸው ነው።

ሥራው ሁለት ነበር። አንደኛው የቋንቋ ተቆጣጣሪነት፦ ተዋንያኑን ቃላቸውን ማስያዝ፣ ቀረጻ ላይ ስህተት ከሰማሁ የፊልሙ አዘጋጅ ጀርመናዊቷ "ከት" ብላ ቀረጻውን ካስቆመች በኋላ እጄን ማንሣት። እጄ ከተነሣ ያ ቀረጻ ይደገማል፤ ውሉ ላይ እንዲያ ተጽፏል። ሁለተኛው ሥራ የመምህሩ ሚስት ሆኖ መተወን።

"ሚናዋ ስም አላት?" አልኩት።

"አላት እንጂ እትዬ ዓለምነሽ። ወይዘሮ ስንዱ ትባላለች። ባሏ ሲሞት ሙሾ ታወርዳለች፤ ያኔ ካሜራው ፊትሽ ድረስ ይመጣል።"

እኛ ክሎዝ አፕ የምንለውን ማለቱ ነው፤ ስክሪኑን ሙሉ የአንድ ሰው ፊት ብቻ። ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ብዙ ቆሜ ቀረሁ።

ዋናው ተዋናይ ማቲያስ ይባላል። ስድሳን ያለፈ፣ ረጅም፣ ድምፁ ዝቅ ያለ ሰው ነው። ለዚህ ፊልም ብሎ በአገሩ ዓመት ሙሉ አማርኛ ተምሮ መጣ። ቀስ እያለ ይናገራል፤ ቃሉን እንደ ሞላ ብርጭቆ ተሸክሞ ነው የሚያመጣው። ችግሩ የወንድና የሴት ነገር ነበር። የፊልሙ አማካሪ የሆኑት የቅኔ መምህር መሪጌታ ልሳኑ ዘንድ በገባ የመጀመሪያው ቀን፣ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣና፣ "እንደምን አደርሽ?" አላቸው። ሔኖክ መሬት ብትከፈትለት ይገባ ነበር። መሪጌታ ግን ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው፣ "እግዚአብሔር ይመስገን። እንግዲህ ቀሚስ ላሰፋ ነው" አሉ። ከዚያ ቀን ጀምሮ "እርስዎ"ን አጥብቄ አስተማርኩት። አንዴ ከያዘ አይለቅም፤ ሻይ የምታመጣልንን የሆቴል ልጅ ሳይቀር እርስዎ ይላት ጀመር።

ትምህርታችን ጠዋት ጠዋት ቢቸና፣ የሆቴሉ በረንዳ ላይ ነበር። ስለ ሥራ ዘመኑ ያጫወተኝ እዚያ ነው። እሱ ሲናገር እኔ ስቀና ሻዩ ይቀዘቅዛል።

ሦስት ዓመት ሙሉ የተዋናይ ትምህርት ቤት ገብቶ ተምሯል። ከዚያ ውስጥ ግማሹን ዓመት የተማሩት መተንፈስ ነው አለኝ። በትክክል የሰማሁ አልመሰለኝም፤ ደግሜ ጠየቅሁት። መተንፈስ፣ አለ፣ በእጁ ሆዱን እያሳየ። እኔን እንድተነፍስ ማንም አላስተማረኝም። ከዚያ አሥር ዓመት በአንድ ከተማ ቴአትር ቤት በወር ደሞዝ ሠርቷል። ዛሬ ንጉሥ፣ ነገ ሎሌ፣ ከነገ ወዲያ ሞኝ ሆኖ። እኔ በዚያ ዕድሜዬ ዛሬም፣ ነገም፣ ከነገ ወዲያም ያንኑ ለቅሶ እያለቀስኩ ነበር።

ቴሌቪዥን ላይ መጀመሪያ የወጣው ሬሳ ሆኖ ነው። በአንድ የወንጀል ተከታታይ ድራማ ላይ ከወንዝ የሚወጣ ሬሳ። ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ሦስት ሰዓት ተኝቶ ሳይንቀጠቀጥ በመቅረቱ ድጋሚ ጠሩት። ከዚያ ፖስተኛ ሆነ፣ ቄስ ሆነ፣ የጥርስ ሐኪም ሆነ። በመጨረሻ የፖሊስ ኢንስፔክተር ረዳት ሆኖ አሥራ ሁለት ዓመት በአንድ ድራማ ቆየ።

"ረዳት ምን ይሠራል?" አልኩት።

"በር እከፍታለሁ። ኢንስፔክተሩ ይገባል።"

አሥራ ሁለት ዓመት በር ከፍቶ፣ ኢንስፔክተሩን በሚሠራው ሰው ሲቀና መኖሩንም ነገረኝ። እየሳቀ ነው የነገረኝ። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር፤ አላለኝም። የምቀናበት ሰው ራሱ በሌላ ሰው ሲቀና መስማት ያናድዳል፤ የራስ ቅናት ዋጋ ያጣል።

ከሁሉ ያስቀናኝ ግን አሠራሩ ነው። እኔ ቃል ስይዝ ቃሉን ነው የምይዘው፤ ከነነቁጡ። እሱ ለእያንዳንዱ ቃል አንድ ጥያቄ አለው፦ ይህን ማን ለማን ይላል? መልሱን በትንሽ ደብተር ይጽፋል። "የኔታ" ላይ ስንደርስ ያንኑ ጠየቀኝ። ተማሪ ለመምህሩ ይላል አልኩት። ምን ማለት ነው አለኝ። ከጥንት "የኔ ጌታ" ነው፤ አጥሮ "የኔታ" ሆነ። ዛሬ ግን ሁለቱ ተለያይተዋል፤ የኔታ ለመምህር ነው፣ የኔ ጌታ የሚባለው ለሕፃን፣ ለልጅ፣ ለባል ነው ብዬ አስረዳሁት።

"ለሞተ ባልስ?"

"ለሞተማ በደንብ ይባላል" አልኩት። ጻፈው።

የወይዘሮ ስንዱን ሙሾ የገጠምኩት እኔ ራሴ ነኝ። ስክሪፕቱ ላይ "ሚስቲቱ ታለቅሳለች" ብቻ ነበር የተጻፈው። ሁለት ስንኝ ገጥሜ ለአዘጋጇ በሔኖክ በኩል ሰጠሁ፤ ወደደችው። እንዲህ ይላል፦

ደጁ ሰው ሞልቶታል፣ ቅኔው አልተፈታ፤
ተማሪህ ደረሰ፣ ተነሥ የኔ ጌታ።

ሔኖክ፣ በፊልሙ በሙሉ ባሏን አንቱ ስትል የኖረች ሴት እንዴት አንተ ትላለች ብሎ ሊያርመኝ ሞከረ። ሙሾ አንቱ አያውቅም አልኩት።

የሞቱ ትዕይንት የተቀረጸው ከቢቸና ወጣ ብሎ ባለ አንድ የሣር ቤት ነው። መብራት አልተጠቀሙም፤ አዘጋጇ የፈለገችው ከሰዓት በኋላ በበሩ የሚገባውን ፀሐይ ነበር። ያ ፀሐይ መደቡ ላይ የሚቆየው ግማሽ ሰዓት ያህል ብቻ ነው። በማግስቱ ቡድኑ ወደ ሞጣ ይነሣል። ስለዚህ ብዙ መደጋገም እንደማይቻል ሁላችንም እናውቅ ነበር።

አቀራረጹ እንዲህ ነበር የታሰበው። መምህሩ መደብ ላይ ሞተዋል። ጀርመናዊው ከመንገድ ደርሶ ይገባል፤ ይንበረከካል፤ "የኔታ" ብሎ ይጠራል። መልስ የለም። ያን ጊዜ እኔ ከራስጌ ሙሾውን እጀምራለሁ፣ ካሜራው ከእሱ ተነሥቶ ወደ እኔ ይዞራል፤ እስከ ፊቴ ይመጣል። ሰባት ጊዜ ተለማመድነው። ሰባቱንም ጊዜ ካሜራው መጣ።

ቀረጻ ተጀመረ። ማቲያስ ገባ፤ ተንበረከከ። የሬሳውን እጅ በሁለት እጁ ያዘ። ቆየ። ከዚያ፣ ሕፃን እንደሚቀሰቅስ ሰው ቀስ ብሎ፣ "የኔ ጌታ" አለ።

ቤቱ ውስጥ አንድ ነገር ሆነ። ከደጅ ቆመው የሚያዩት የሰፈሩ ሴቶች አንድ ላይ ትንፋሻቸውን ሲውጡ ሰማሁ። የእኔ ተራ ነበርና ሙሾዬን ጀመርኩ። ካሜራው አልዞረም። የካሜራው ሰው ማቲያስ ፊት ላይ እንደ ተቸነከረ ቀረ። ሙሾዬን ሁለት ጊዜ አወረድሁት፤ ካሜራው ጀርባውን ሰጥቶኝ ነበር። በመጨረሻ አዘጋጇ በቀስታ "ከት" አለች። የድምፅ ባለሙያው ማይክሮፎኑን በአንድ እጁ ይዞ በሌላው ክንዱ ዓይኑን ይጠርግ ነበር።

"አገኘነው ብላለች" አለ ሔኖክ። "ሌላ አያስፈልግም።"

የመጀመሪያ ስም ያላት ሚናዬ፣ የመጀመሪያው ክሎዝ አፔ፣ የገጠምኩት ስንኝ፣ ሁሉም ከካሜራው ጀርባ ቀረ። ማቲያስ የወሰደውም የእኔኑ ቃል ነው፤ ከስንኜ መጨረሻ ላይ ያለውን። እጄን አነሣሁ።

ሁሉም ዞሮ አየኝ። "ቃሉ ስህተት ነው" አልኩ። "የኔታ ነው መባል ያለበት። የኔ ጌታ ነው ያለው።"

አዘጋጇ በሔኖክ በኩል ትልቅ ስህተት ነው ወይስ ትንሽ ብላ ጠየቀችኝ።

"ተማሪ መምህሩን እንዲያ አይጠራም። ፊልሙ ሞጣ አዳራሽ ሲታይ ሰው ይስቃል" አልኩ።

የመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር እውነት ነው፤ በመዝገበ ቃላት አስደግፌ ማስረዳት እችላለሁ። ሁለተኛው ከራሴ የወጣ ነው። ሰው እንደማይስቅ ደጅ የቆሙትን ሴቶች ሰምቼ አውቄዋለሁ።

ማቲያስ ከተንበረከከበት ቀና ብሎ አየኝ። አልተከራከረም። ለአዘጋጇ በቋንቋቸው አንድ ነገር ተናገረ፤ ሔኖክ ተረጐመው፦ "ወይዘሮ ዓለምነሽ ስህተት ነው ካሉ ስህተት ነው ብሏል።"

ፀሐዩ መደቡ ጫፍ ላይ ደርሷል። ተጣድፈው ቦታ ቦታቸውን ያዙ። በሁለተኛው ቀረጻ ማቲያስ ገባ፣ ተንበረከከ፣ "የኔታ" አለ። ጥርት ያለ፣ እንዳስተማርኩት ያለ። ካሜራው እንደ ልምምዱ ተነሣና መጣ፤ ፊቴ ድረስ መጣ። አለቀስኩ። ሲያልቅ ፀሐዩ ከበሩ ወጥቶ ነበር።

ከቀረጻ በኋላ የቋንቋ ተቆጣጣሪው ቅጽ ይሞላል። በቀይ እስክሪብቶ ጻፍኩ፦ ቀረጻ አንድ፣ የቃል ስህተት፣ የማይሆን። ቀረጻ ሁለት፣ ትክክል። ፈረምኩ።

መሪጌታ ልሳኑ ደጅ ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው ነበር። ልሰናበታቸው ስሄድ አጠገባቸው ያለውን ጉቶ አሳዩኝ። ተቀመጥሁ።

"ቅድም ፈረንጁ ምን ብሎ ነው የተደገመው?"

"የኔ ጌታ ብሎ ነው፣ የኔታ።"

"አንቺስ አሁን እኔን ምን አልሽኝ?"

"የኔታ አልኩዎት።"

"ሰሙ የኔታ ነው" አሉ። "እሱን ሁሉም ተማሪ ይለዋል፤ ምሳ ሲለምንም ይለዋል። ወርቁ ሥር ነው ያለው። ስድስት ዓመት ሰሙን ሲጠራ ኖሮ ሲሞቱበት ወርቁ ከአፉ ወደቀ። እኔ ይኼን ከተማሪ ብሰማ አስነሥቼ ግንባሩን እስመዋለሁ።"

ሕጉ ግን፣ ብዬ ጀመርኩ።

"ሕጉንማ ታውቂያለሽ" አሉ ረጋ ብለው። "ሕግ የሚያውቅ በየደብሩ አለ።" ከዚያ ስለ ዝናቡ ጠየቁኝ።

በማግስቱ ወደ ሞጣ ስንሄድ ማቲያስና እኔ ከአንድ መኪና ኋላ ወንበር ተቀምጠን ነበር። ደብረ ወርቅን እስክናልፍ ድረስ መስኮቱን ነበር የማየው። በመጨረሻ አላስችል አለኝና ጠየቅሁት፤ የኔታ ማለቱን ሰባት ጊዜ ከተለማመደ በኋላ ለምን ቀየረው?

ደብተሩን አወጣ። ቃላት እየፈለገ፣ እየቆመ ነገረኝ። "ከእርስዎ ሰማሁ። በልምምድ። እርስዎ የኔ ጌታ ሲሉ፣ እኔ ሁልጊዜ እዚህ ያመኛል" አለና ደረቱን ነካ። "ተማሪው ቃሉን ቀድሞ ቢል፣ ሚስቲቱ ትቀበለዋለች። ቃሉ ወደ እርስዎ ይሄዳል፤ ካሜራውም ከቃሉ ጋር ይሄዳል ብዬ አሰብኩ። ካሜራው አልሄደም። የእኔ ጥፋት ነው፤ ቀድሜ መንገር ነበረብኝ።"

በር ሊከፍትልኝ ነበር። እኔ የሰማሁት ሲዘጋብኝ ነው። ይህን ልነግረው ይገባ ነበር። "ምንም አይደለም" አልኩት፣ የእሱን ይቅርታ ተቀብዬ። እስከ ሞጣ ድረስ የተቀረውን መንገድ የወንድና የሴት ግሥ ስናጠና ሄድን።

ቡድኑ ሞጣ ሁለት ሳምንት ሠርቶ ወደ አገሩ ተመለሰ። ፊልሙ ተቆራርጦ እስኪገጣጠም ስምንት ወር ፈጀ። በአምስተኛው ወር ሔኖክ ደወለልኝ። አዘጋጇ ሁለቱን ቀረጻ ጎን ለጎን አድርጋ ስታይ መሰንበቷን፣ መጀመሪያውን ልታስገባ መፈለጓን ነገረኝ። የእኔ ፊርማ ያለበት ቅጽ ግን "የማይሆን" ይላል። አገሬው የሚስቅበትን ነገር ማስገባት አልፈለገችም።

"እስቲ በደንብ አስቢበት ብላለች። በእርግጥ የማይሆን ነው? አንቺ ይሆናል ካልሽ ታስገባዋለች።"

"በመጀመሪያው እኔ አለሁበት?" አልኩት።

"ድምፅሽ አለ።"

"ፊቴስ?"

"ፊትሽ የለም፣ እትዬ።"

የመሪጌታን ነገር አሰብኩ። ማቲያስ ደረቱን የነካበትን አሰብኩ። አንድ ቃል ነበር የሚበቃው። "ስህተት ስህተት ነው" አልኩና ስለ ቤተሰቡ ጤና ጠየቅሁት።

ፊልሙ ሞጣ አዳራሽ የታየ ዕለት ቆሞ የሚያይ ሁሉ ነበር። ቢቸና ያሉ ዘመዶቼ በሁለት ሚኒባስ መጥተዋል። መሪጌታ አልመጡም። እኔን ከፊት ወንበር አስቀመጡኝ።

የሞቱ ትዕይንት ደረሰ። ማቲያስ ገባ፣ ተንበረከከ፣ "የኔታ" አለ። ከኋላዬ አንዲት ሴት ለጎረቤቷ፣ "ስም የሚቆጣጠር አስተማሪ መሰለ እኮ፤ ቀሪ ናቸው በለው" አለቻት። ዙሪያቸው ያለው ሰው ሳቀ። ሰው ይስቃል ብዬ ነበር፤ ሳቀ፤ በእኔ እርማት ነው የሳቀው።

ከዚያ ፊቴ መጣ። ግድግዳውን ሞላው። ሠላሳ ምናምን ዓመት የጠበቅሁት ነው። አዳራሹ አጨበጨበ፤ ዘመዶቼ "ዓለምነሽ!" እያሉ ጠሩኝ፤ አንዱ አፏጨ። ሙሾዬ በጭብጨባው ተዋጠ፤ ያለቀሰ ሰው ግን አልነበረም። እኔ ፊቴን ሳይ የነበረው ሌላ ነገር ነው። እንባው እውነተኛ ነው፣ አፌ በትክክል ይንቀሳቀሳል፣ ዓይኔ ግን ሬሳውን አያይም። ካሜራውን ነው የሚያየው፤ እየመጣ መሆኑን ነው የሚያየው። ይህን የሚያውቅ ተመልካች ላይኖር ይችላል። ማቲያስ ግን ያውቃል፤ ይህን ለማየት ሦስት ዓመት ተምሯል።

ሲያልቅ ሰው እጄን እየጨበጠ፣ ፈረንጁን እንዲህ አጥርተሽ ያስተማርሽው አንቺ ነሽ አሉ፣ ጎበዝ አለኝ። አዎ፣ እኔ ነኝ አልኩ።

ማቲያስ አሁንም ይሠራል። ለእንቁጣጣሽ መልእክት ይልክልኛል፤ በአማርኛ፣ በእርስዎ። ባለፈው በአንድ የሐኪሞች ድራማ ላይ በሽተኛ አያት ሆኖ ሁለት ክፍል እንደ ሠራ ጻፈልኝ። ስለዚያ ቀረጻ አንድም ቀን አንሥቶብኝ አያውቅም። አሁንም እቀናበታለሁ፤ አሁን የምቀናው ግን በትምህርቱ አይደለም፤ የሰማውን ቃል ለሌላ ሰው ሊሰጥ በማሰቡ ነው።

በዚያ ፊልም ስሜ ሁለት ቦታ ተጽፏል፤ ከተዋንያን ዝርዝርና ከቋንቋ ተቆጣጣሪ ሥር። ለሙያው ልጆች የምለው አንድ ነገር ነው። በምትተውኑበት ትዕይንት ላይ ስህተት የመቆጣጠር ሥራ ከተሰጣችሁ አትቀበሉ። ውሉ ላይ ሁለቱ አብረው ከተጻፉ አንዱን አሰርዙና ፈርሙ። እኔ ሁለቱንም ፈርሜያለሁ።